ጉዱ ካሳ ለምን አይረሳም?
በ«ፍቅር እስከ መቃብር» ውስጥ ስላለው ሣቅና ስለ ዘለቄታው

መግቢያ

በቢቸናና በአካባቢዋ ብቻውን እያወራ የሚሄድ፣ ሰው የሚለውን የማይል፣ ዘመዶቹ ያፈሩበት ሰው ሲያጋጥም «ጉዱ ካሳ» የሚል ቅጽል ይወጣለታል። ስሙን የሚያወጡት ሰዎች ሁሉ ልብ ወለዱን ያነበቡ አይደሉም። የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ ልጅ ሳለ በሰፈሩ በዚህ ስም የሚጠሩ አንድ ሽማግሌ ነበሩ። ስሙን ያወጡላቸው ጠላ የሚሸጡ ጎረቤታቸው ፊደል የቆጠሩ አልነበሩም፤ ሬዲዮ ግን ሰምተዋል። ሽማግሌውም ቢሆኑ ሲጠሩበት አይቆጡም ነበር፤ ይልቁንም ቆም ብለው «ካሳ ምን አጠፋ?» ብለው ይጠይቃሉ። መልስ የሚሰጣቸው አልነበረም፤ ይሣቅና ይታለፋል።

ይህ ጽሑፍ የሚነሣው ከዚያ ጥያቄ ነው። የሀዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» በ1958 ዓ.ም. ታትሞ ከወጣ ወዲህ ብዙ ተጽፎበታል። ከተጻፈው አብዛኛው የሚያተኩረው በፍቅሩ፣ በመሬት ሥሪቱ፣ በመደብ ልዩነቱና በመጨረሻው ሐዘን ላይ ነው። ይህም ተገቢ ነው፤ መጽሐፉ ገና በርእሱ መቃብርን አመልክቶ የሚጀምር ነውና። ሆኖም መጽሐፉን ደጋግመው ያነበቡ ወይም በሬዲዮ የሰሙ ሰዎች ተሰብስበው ሲጨዋወቱ ብዙ ጊዜ ቀድመው የሚያነሡት የበዛብህንና የሰብለ ወንጌልን ሞት ሳይሆን የፊታውራሪ መሸሻን ፉከራና የጉዱ ካሳን አነጋገር ነው። የሚያነሡትም እየሣቁ ነው። ታሪኩን ያውቁታል፤ ቀጥሎ የሚመጣውን ቃል ያውቁታል፤ ቢሆንም እንደ አዲስ ይሥቃሉ።

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ይህ ሣቅ ከምን እንደሚመነጭና ለምን እንዳልነጠፈ ማስረዳት ነው። የሚቀርበውም ሐሳብ አንድ ነው፤ በ«ፍቅር እስከ መቃብር» ውስጥ ያለው ሣቅ የዘለቀው የሚሥቀውና የሚሣቅበት ቦታ ስለሚለዋወጡ ነው። አንባቢው በመጀመሪያ ከአገሬው ጋር ሆኖ በካሳ ይሥቃል፤ ቆይቶ ከካሳ ጋር ሆኖ በአገሬው ይሥቃል፤ ደጋግሞ ያነበበ እንደሆነ ደግሞ ራሱ ከአገሬው መካከል ቆሞ ያገኘዋል።

እየታወቀ የሚደገም ኮሜዲ

አንድ የሚያስቅ ሥራ ሲደጋገም ሊሰለች የሚገባው ይመስላል። የቀልድ ጉልበቱ ድንገተኛነቱ ነው ከተባለ፣ አንድ ጊዜ የተሰማ ቀልድ ለሁለተኛ ጊዜ ጉልበት ሊኖረው አይገባም ነበር። እውነታው ግን ሌላ ነው። በሌላውም ዓለም በወጡበት ጊዜ እንግዳ የሆኑ፣ ከተለመደው የኮሜዲ መንገድ የወጡ፣ ነገር ግን አፍቃሪዎቻቸው ለዓመታት ሳይሰለቹ የሚመላለሱባቸው ፊልሞች አሉ። ለአብነት በ1975 እ.ኤ.አ. የወጣውን «ሞንቲ ፓይተን ኤንድ ዘ ሆሊ ግሬይል» የተባለውን የእንግሊዝ ፊልም መጥቀስ ይቻላል። በዚህ ፊልም ንጉሥ አርተርና ጀግኖቹ ፈረስ የላቸውም። እንደሚጋልብ ሰው እየሰገሩ በእግራቸው ይሄዳሉ፤ አሽከሮቻቸው ከኋላ ሆነው ሁለት የኮኮናት ቅርፊት እያጋጩ የኮቴ ድምፅ ያሰሙላቸዋል። ነገሩ ለፈረስ የሚበቃ ገንዘብ በመታጣቱ የመጣ ዘዴ ነበር፤ ነገር ግን የጀግንነትን ወግ ከነጓዙ የሚያፈርስ ሥላቅ ሆነ። አፍቃሪዎቹ የፊልሙን ቃለ ምልልስ በቃላቸው ያውቁታል፤ ተዋናዩ ሳይናገረው እነሱ ቀድመው ይሉታል።

ከእንዲህ ያሉት ሥራዎች ሦስት የጋራ ጠባዮችን ማውጣት ይቻላል። አንደኛው፣ ደስታው ከማያውቁት ነገር ሳይሆን ከሚያውቁት ነገር መምጣቱ ነው፤ ተመልካቹ ቃሉን እያወቀ ይጠብቀዋል። ሁለተኛው፣ ሣቁ የጋራ መሆኑ ነው፤ ቃሉን የሚያውቁ ሰዎች እርስ በርሳቸው ይተዋወቁበታል። ሦስተኛው፣ በመካከሉ ከመንገድ የወጣ ሰው መኖሩ ነው፤ ሰውየው ወይም ዓለሙ አንዱ ከቦታው የተናጋ ነው።

በእኛ አገር በተለይም ሲኒማ ቤት በሌለበት ገጠር፣ ይህን ዓይነት ቦታ የያዘው ፊልም ሳይሆን ሬዲዮ ነው። ተዋናዩ ወጋየሁ ንጋቱ «ከመጻሕፍት ዓለም» በተሰኘው የኢትዮጵያ ሬዲዮ ዝግጅት «ፍቅር እስከ መቃብር»ን በተረከ ጊዜ መጽሐፉ ከጥቂት አንባቢዎች እጅ ወጥቶ የብዙ አድማጮች ሀብት ሆነ። ወጋየሁ የመድረክ ሰው ነበርና ገጸ ባሕርያቱን በድምፁ ለይቶ አቆማቸው። የፊታውራሪው ቁጣ፣ የካሳ ምጸት፣ የሴቶቹ ሹክሹክታ እያንዳንዱ የራሱ ድምፅ ኖረው። ትረካው ከዚያም በኋላ ተደጋግሞ ተላልፏል፤ በካሴት ተባዝቷል። ሰው በአንድ ሬዲዮ ዙሪያ ተሰብስቦ ሲያዳምጥ አንዱ ሲሥቅ ሌላው ይከተላል፤ አንዱ ያልገባውን ሌላው ይነግረዋል። እንግዲህ ለብቻ ሲነበብ ፈገግ የሚያሰኘው ቦታ በጋራ ሲደመጥ የሚያስገለፍጥ ይሆናል ማለት ነው። ጠላ የሚሸጡት ጎረቤት «ጉዱ ካሳ»ን ያወቁት በዚህ መንገድ ነው።

የፊታውራሪ መሸሻ ግትርነት

ፈረንሳዊው ፈላስፋ ሄንሪ ቤርግሶን በ1900 እ.ኤ.አ. ስለ ሣቅ ባሳተመው መጽሐፍ፣ የሚያስቀን ነገር በሕያው ሰው ላይ የሚታይ ግትርነት ነው የሚል ሐሳብ አቅርቧል። በመንገድ ላይ የሚሮጥ ሰው እንቅፋት መትቶት ሲወድቅ የምንሥቀው፣ ሰውየው አካሄዱን እንደ መንገዱ ሁኔታ መለወጥ ሲገባው እንደ መኪና በያዘው ስለቀጠለ ነው። ሕይወት መተጣጠፍን ትጠይቃለች፤ የማይታጠፍ ሰው ይሣቅበታል።

ፊታውራሪ መሸሻ የዚህ ዓይነት ሰው ናቸው። ዓለምን የሚሰፍሩት በአንድ መስፈሪያ ነው፤ እሱም አጥንት ነው። ልጃቸውን የሚጠይቀውን ሁሉ በዘሩ ይመዝናሉ፤ የሚመጥን ሲጠፋ የሰብለ ወንጌል የማግቢያ ዕድሜ ያልፋል። ገበሬዎቹ የተጣለባቸውን አንከፍልም ባሉ ጊዜም ነገሩን እንደ ጥያቄ ሳይሆን እንደ ክብር ነክ ድፍረት ይቆጥሩታል። ከዚህም የተነሣ ለገዛ ገባሮቻቸው ጦር ይሰብቃሉ። ዝግጅቱና ፉከራው ትልቅ ነው፤ ውጤቱ ግን በአበጀ በለው በሚመሩት ገበሬዎች እጅ መማረክ ነው። በዝግጅቱና በውጤቱ መካከል ያለው ርቀት የሣቁ መጠን ነው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ ሊባል ይገባል። ፊታውራሪ መሸሻ ፈሪ ሆነው አልተሣሉም። ፈሪ ቢሆኑ ኖሮ ሣቁ የተራ ቧልት ሣቅ ሆኖ አንድ ጊዜ ተሥቆ ይቀር ነበር። እሳቸው ግን ደፋር ናቸው፤ የሚደፍሩት ግን የሌለ ጦርነት ነው። በዚህ ረገድ የሰርቫንቴስን ዶን ኪኾቴን ያስታውሳሉ። በ1605 እ.ኤ.አ. የመጀመሪያ ክፍሉ የታተመው የዚያ ስፓኛዊ ልብ ወለድ ባለታሪክ ነፋስ የሚያዞረውን ወፍጮ ግዙፍ ፍጡር ነው ብሎ በጦር ይገጥማል። ልዩነቱ ግን መሠረታዊ ነው። ዶን ኪኾቴ ሥልጣን የለውም፤ ሕልሙ የሚጎዳው በአብዛኛው ራሱን ነው። የፊታውራሪ መሸሻ ሕልም ግን ሌላውን ሰው ያስከፍላል። ለዚህ ነው በእሳቸው የምንሥቀው ሣቅ ውስጥ እፎይታ ያለበት፤ ሲማረኩ የሚወድቀው አንድ ሽማግሌ ብቻ ሳይሆን የተሸከማቸውም ወግ ጭምር ነው።

ይህን ሣቅ ከሌላው አገር አድማጭ ይልቅ የምሥራቅ ጎጃም አድማጭ ጠለቅ ብሎ የሚያውቅበት ምክንያት አለ። ፉከራ በዚህ አገር የታወቀና የተከበረ ቃል ግጥም ነው። የራሱ ደንብ አለው፤ ፎካሪው የዋለበትን፣ የገደለውን፣ የተረፈውን ይናገራል፤ ሰሚውም እውነት መሆን አለመሆኑን ይመዝናል። ከሁሉም በላይ ፉከራ ጠላት ይፈልጋል። በገዛ ገባር ላይ የሚፎከር ፉከራ ቅርጹ ሙሉ ሆኖ ውስጡ ባዶ ነው። ቢቸናና አካባቢዋ ደግሞ በ1928 ዓ.ም. ከጀመረው የጠላት ወረራ እስከ 1933 ዓ.ም. ድረስ በላይ ዘለቀና ተከታዮቹ የተዋጉበት አገር ነው። በላይ ያለ ሹመት ተነሥቶ፣ በሥራው ስም አውጥቶ፣ «አባ ኮስትር» የተባለ አርበኛ ነው። የእሱን ታሪክ ከአባቶቹ የሰማ አድማጭ ሹመትና ጀግንነት አንድ እንዳልሆኑ ማንም ሳያስረዳው ያውቃል። ስለዚህ የፊታውራሪውን ፉከራ በሬዲዮ ሲሰማ የሚሥቀው ፉከራን ስለናቀ ሳይሆን ስላከበረ ነው። እውነተኛውን የሚያውቅ ሰው ነው ማስመሰሉን የሚለየው።

የጉዱ ካሳ ቦታ

ፊታውራሪ መሸሻ የማያይ ሰው ሣቅ ናቸው ካልን፣ ካሳ ዳምጤ የሚያይ ሰው ሣቅ ነው። ኮሜዲው የተሟላ የሚሆነውም ሁለቱ በአንድ ቤት ዙሪያ በመገናኘታቸው ነው።

«ጉዱ» የሚለው ቃል ስም አይደለም፤ ፍርድ ነው። አገሬው ካሳን ሰምቶ፣ መርምሮ ሳይሆን አይቶ የሰጠው ፍርድ ነው። ከባላባት ወገን ሆኖ የባላባትን ወግ ይነቅፋል፤ የቤተ ክህነት ትምህርት እያለው ካህናቱን ይተቻል፤ ብቻውን እያወራ ይሄዳል። አንባቢው ከሰውየው ጋር ሲተዋወቅ ፍርዱ ከስሙ ጋር ተጣብቆ ይደርሰዋል። በመሆኑም ገና ቃሉን ሳይሰማ ለመሣቅ ተዘጋጅቶ ይጠብቀዋል። ይህ የመጀመሪያው የአንባቢው ቦታ ነው፤ ከአገሬው ጋር፣ ከመንደሩ አደባባይ።

ቀጥሎ ግን ካሳ ይናገራል። ሲናገርም ንግግሩ እንደ እብድ የተበታተነ ሳይሆን ከምክንያት ወደ ውጤት የሚሄድ ሆኖ ይገኛል። የኅብረተሰቡን አኗኗር አንዱ ድንጋይ ሌላውን በተሸከመበት ሕንፃ መስሎ ሲያስረዳ፣ ከሥር ያለው ቢንቀሳቀስ ከላይ ያለው ምን እንደሚሆን ሲያመለክት፣ በዚያ ቤት ውስጥ ነገሮችን አያይዞ የሚያስብ ሰው እሱ ብቻ መሆኑን አንባቢው ይረዳል። ብቻውን የሚያወራውም አእምሮው ስለተናወጠ ሳይሆን የሚሰማው ሰው ስላጣ ነው። ለዚህ ማስረጃው፣ የሚሰሙትን ሁለት ወጣቶች ባገኘ ጊዜ የሚያወራው ከእነሱ ጋር መሆኑ ነው። በዛብህና ሰብለ ወንጌል ፊት ካሳ ጉድ አይደለም፤ መካሪ ነው።

በዚህ ጊዜ የአንባቢው ቦታ ይለወጣል። ከካሳ ጎን ሆኖ ወደ መንደሩ መመልከት ይጀምራል፤ ቀደም ሲል ተገቢ መስሎት የነበረው ወግ ሁሉ አሁን ያስቀዋል። ልብ እንበል፤ ደራሲው አንባቢውን «ተሳስተሃል» አላሉትም። የሚሥቅበትን አቅጣጫ ብቻ አዞሩበት። ሰው ሲገሠጽ ይሟገታል፤ ሲሥቅ ግን ሳያውቀው ቦታውን ይለቃል።

ይህ መለዋወጥ በአማርኛችን ሥርዓት ውስጥም የተሰወረ አይደለም። በዚህ ጽሑፍ ውስጥ እስከ አሁን «ፊታውራሪ መሸሻ ይማረካሉ»፣ «ካሳ ይናገራል» እያልን መጥተናል። ግሡ ለማያየው ሰው አክብሮት ሰጥቶ ለሚያየው ነሥቶታል። ማንም አላዘዘንም፤ ሹመቱ ነው ያዘዘን። አንባቢው ካሳን ከፊታውራሪው በላይ እያከበረ በአፉ ግን የሚያከብረው ፊታውራሪውን ነው። ኮሜዲው ከመጽሐፉ ወጥቶ በገዛ አንደበታችን ላይ ተቀምጧል ማለት ይቻላል።

መጨረሻው ደግሞ ሁሉንም ያስተሳስራል። በርእሱ የተጠቀሰው መቃብር የሁለቱ ፍቅረኞች ብቻ አይደለም፤ ካሳም አብሯቸው ያርፍበታል። የሚያስቀው ሰው ከሚያስለቅሱት ጋር በአንድ ጉድጓድ ገባ። ደራሲው ኮሜዲውን ለማሳረፊያ ብቻ ያስገቡት ቢሆን ኖሮ ካሳን ወደ መቃብሩ ባላደረሱት ነበር።

የቅኔ አገር ሣቅ

የታሪኩ ዋና መቼት ዲማ ጊዮርጊስ ነው። ዲማ ቢቸና ከተማዋ በሆነችው በእነማይ ወረዳ የሚገኝ ጥንታዊ ገዳምና የትምህርት ቦታ ነው። ሀዲስ ዓለማየሁ ወደ አዲስ አበባ ሄደው ዘመናዊ ትምህርት ከመማራቸው በፊት በጎጃም የቤተ ክህነት ትምህርት ቤቶች የተማሩ ናቸውና አገሩን በሩቁ የጻፉት አይደለም። ይህ ለሣቁ ዘለቄታ ያለው ትርጉም ከአንድ ልማድ ጋር ይያያዛል፤ እሱም የቅኔ አሰማም ነው።

ቅኔ አንድ ጊዜ ተሰምቶ አያልቅም። ተማሪው ሰሙን ይሰማል፤ ይደሰታል። ቀጥሎ ወርቁን ይፈልጋል። ወርቁን ካገኘ በኋላ ግን ሰሙን አይጥለውም፤ ተመልሶ ያዳምጠዋል። በዚህ ጊዜ ሰሙ ራሱ አዲስ ሆኖ ይሰማዋል። በዋሸራ፣ በጎንጅ፣ በዲማም ሆነ በሞጣ አካባቢ ለቅኔ ቅርብ ሆኖ ያደገ ሰው፣ ቄስም ይሁን ገበሬ፣ የታወቀን ቃል ደግሞ መስማት የሚያስደስት መሆኑን ያውቃል። ከላይ ስለ ፊልም አፍቃሪዎች ያነሣነው እየታወቀ የመደገም ደስታ በዚህ አገር የቆየ ልማድ ነው።

ከዚህ ጋር የሚሄድ ሌላም ልማድ አለ። የቤተ ክህነቱ ትምህርት ከመንገድ ወጣ ያለ ሊቅን የመሸከም ትከሻ ነበረው። የፎገራው አለቃ ገብረ ሐና በመኳንንቱና በካህናቱ ላይ እንደ ሰነዘሩ የሚነገሩት ቀልዶች ከአፍ ወደ አፍ እየተላለፉ እስከ ዛሬ የኖሩት፣ ሰሚው ቀልደኛውን እንደ ሊቅም ስለሚያከብራቸው ነው። ካሳ ከዚህ ወገን ነው። ልዩነቱ አለቃ ገብረ ሐና የሚሥቅላቸው አደባባይ ሲያገኙ ካሳ የሚሥቅበት አደባባይ ማግኘቱ ነው። ከዚህ አንጻር ሲታይ ሀዲስ ዓለማየሁ አዲስ ዓይነት ሰው አልፈጠሩም፤ የታወቀውን ቀልደኛ ሊቅ ወስደው ሰሚ ነሡት፤ ያን ጊዜ ቀልዱ ወደ ሐዘን መቅረብ ጀመረ።

ኮሜዲ ሹማምንትን የሚያሳስብ ነገር መሆኑም ለአገራችን ሥነ ጽሑፍ እንግዳ አይደለም። በአማርኛ የመጀመሪያው ዘመናዊ ተውኔት የሚባለው የተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም «ፋቡላ፣ የአውሬዎች ኮሜዲያ» በንግሥት ዘውዲቱ ዘመን ታይቶ የታገደው እንስሳትን እያናገረ ሹማምንቱን የነካ በመሆኑ ነው። «ፍቅር እስከ መቃብር» ሥላቁን በረጅም የፍቅር ታሪክ ውስጥ አስቀምጦ ነው ወደ አንባቢ የደረሰው።

የሣቁ አደጋ

እስካሁን የተባለው ሣቁን የሚያሞግስ ነው። ሆኖም አንድ ተቃውሞ መመለስ ይኖርበታል። «ጉዱ ካሳ» የሚለው ስም ከመጽሐፉ ወጥቶ በሕዝብ አፍ ሲገባ ግማሹን ብቻ ይዞ ወጥቷል። የመጀመሪያው ቦታ፣ ማለትም በካሳ የሚሣቅበት ቦታ፣ ቀርቶ አልቀረም፤ ሁለተኛው ግን ብዙ ጊዜ ወደ ኋላ ይቀራል። በዚህም የተነሣ ሰውን ለመስማት የተጻፈ ገጸ ባሕርይ ሰውን ዝም ለማሰኘት ያገለግላል።

የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ ይህን የተማረው ከራሱ ስሕተት ነው። ከዓመታት በፊት ስለ ፊታውራሪ መሸሻ መማረክ በሚያስተምርበት ክፍል አንዲት ተማሪ እጇን አውጥታ ጠየቀች። «በፊታውራሪው የምንሥቀው ግትር ስለሆኑ ከሆነ፣ ልጃቸውን ገና ሕፃን ሳለ ሳይጠይቁት ለስለት የሰጡት የበዛብህ ወላጆችስ ግትር አይደሉም ወይ? በእነሱ ለምን አንሥቅም?» ከኋላ አንዱ ተማሪ «ጉዱ ካሳ!» አለ፤ ክፍሉ በሣቅ ተሞላ። አስተማሪውም አብሮ ሣቀ። ተማሪዋ ተቀመጠች። የትምህርቱ ዘመን እስኪያልቅ ድረስ ሌላ ጥያቄ አልጠየቀችም።

ጥያቄዋ ግን በክፍሉ ውስጥ እስከዚያ ቀን ከቀረቡት ሁሉ የበለጠ ነበር። ያን ቀን ሊሰጣት ይገባ የነበረው መልስ የሚከተለው ይመስለናል። ቤርግሶን ሣቅ የልብን ለጊዜው መደንዘዝ እንደሚጠይቅ ያስረዳል፤ ባዘንንለት ሰው ላይ ልንሥቅ አንችልም። የበዛብህ ወላጆች ስለቱን የተሳሉት ልጁ እንዲያድግላቸው ነው። ግትርነታቸው ልጅን ከማጣት ፍርሃት የመጣ ነው፤ ደራሲውም ያን ፍርሃት አስቀድመው አሳይተውናል። የፊታውራሪው ግትርነት ግን ከምንም ፍርሃት ጋር ሳይያያዝ በክብር ልብስ ተሸፍኖ ይመጣል። ሁለቱም ስሕተቶች በልጆቹ ላይ የሚያደርሱት ጉዳት ተመሳሳይ ነው፤ አንዱን ልጅ ስለት፣ ሌላዋን ዘር ከጋብቻ አገዱ። ደራሲው ግን አንዱን በዕንባ፣ ሌላውን በሣቅ አሳዩን። እንግዲህ ሣቁና ዕንባው የተለያዩ ርእሶች ሳይሆኑ አንድ ነገር በሁለት ርቀት ሲታይ ናቸው። ከቅርብ ያየነው ያስለቅሰናል፤ ከሩቅ ያየነው ያስቀናል። ተማሪዋ የጠየቀችው ይህንኑ ርቀት ነበር።

ከዚህ የምንረዳው መጽሐፉ ራሱ ክፍሉን አስቀድሞ እንደጻፈው ነው። ያልተለመደ ጥያቄ የጠየቀ ሰው ነበር፤ ፍርድ የሆነ ቅጽል ነበር፤ የሚሥቅ አገሬው ነበር፤ ሹመት ያለውና ጥያቄውን ያልሰማው ሰውም ነበር። ይህ የመጨረሻው የአስተማሪው ድርሻ ነው። በመግቢያው ሦስተኛ ያልነው የአንባቢ ቦታ ይህ ነው። መጽሐፉን ደጋግሞ የሚያነብ ሰው ውሎ አድሮ ራሱን ከካሳ ጎን ሳይሆን ካሳን ከሠየሙት መካከል ያገኘዋል። ይህ ሲሆን ሣቁ አይጠፋም፤ ነገር ግን ማን እንደሚሥቅና በማን እንደሚሥቅ መጠየቅ ግድ ይሆናል። አንድ ኮሜዲ ከዚህ በላይ ሊዘልቅ የሚችልበት ሌላ መንገድ ያለ አይመስለንም። የሚያስቀው ሰው ያረጃል፣ ወጉ ይለወጣል፤ በ1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት በአዋጅ የሕዝብ ሲሆን የፊታውራሪ መሸሻ ዓይነቱ ባለርስት ከነሥርዓቱ ቀርቷል። የማይሰማ ሹምና ስም የሚያወጣ መንደር ግን ከአዋጁ በኋላም አሉ።

ማጠቃለያ

በዚህ ጽሑፍ ለማሳየት የተሞከረው «ፍቅር እስከ መቃብር» በሐዘኑ ብቻ ሳይሆን በሣቁም የቆየ መሆኑን ነው። ሣቁ ሁለት ምሰሶዎች አሉት፤ አንዱ ግትር ሆኖ የማያይ ሹም፣ ሌላው እያየ ሰሚ ያጣ ሊቅ ነው። የሬዲዮ ትረካው ይህን ሣቅ የጋራ አደረገው፤ የአካባቢው የፉከራና የቅኔ ልማድ ደግሞ ደጋግሞ ለመስማት የሚያበቃ ጆሮ ሰጠው። ከሁሉም በላይ ግን ሣቁን ያዘለቀው አንባቢው የሚቆምበት ቦታ በየንባቡ መለወጡ ነው።

ከዚህ በመነሣት ሁለት ሐሳቦችን ማቅረብ ይቻላል። የመጀመሪያው መምህራንን ይመለከታል። መጽሐፉ በክፍል ውስጥ ሲሰጥ የሚያስቁት ክፍሎች ጮክ ብለው ቢነበቡና ተማሪዎቹ ከሣቁ በኋላ «የሣቅነው ከማን ጋር ሆነን ነው?» ተብለው ቢጠየቁ፣ ስለ ሥላቅና ስለ ምጸት ከሚሰጠው ትርጓሜ የበለጠ ሊገባቸው ይችላል። ሁለተኛው ተመራማሪዎችን ይመለከታል። ትረካውን በመጀመሪያው ጊዜ በአንድ ሬዲዮ ዙሪያ ተሰብስበው የሰሙ ሰዎች በዲማ፣ በቢቸናና በሞጣ ዛሬም አሉ፤ ነገር ግን እያረጁ ነው። የት ቦታ ላይ እንደሣቁ፣ የትኛውን ቃል እንደያዙ፣ ለማን ስም እንዳወጡበት በቃለ መጠይቅ ቢሰበሰብ የአንድ ልብ ወለድ ሁለተኛ ታሪክ ይገኝበታል።

የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ ያን ሥራ ቢጀምር በቅድሚያ ሊጠይቃቸው ይወድ የነበሩት ሽማግሌ አሁን በሕይወት የሉም። ጥያቄያቸው ግን አለ፤ «ካሳ ምን አጠፋ?»